ድምፅ የማን ነው?

ይህን ጥያቄ ያነሣነው ለመራቀቅ አይደለም። በናይሮቢ መሃል ከተማ፣ በአንድ ሊስትሮ አጠገብ ቆመን ሳለ የያዘን ጥያቄ ነው። ከዚያ ወዲህ አልለቅ ስላለን ወደ እናንተ አመጣነው።

ነሐሴ 16 ቀን 2017 ዓ.ም. ዓርብ ምሽት፣ የቴሌቪዥንና የራዲዮ ዕቃ በብዛት በሚሸጥበት በሉቱሊ ጎዳና ላይ ነበርን። ከካምፑ የወጣነው በጉዞ ፈቃድ ለሕክምና ቀጠሮ ነው። ቀጠሮው ለሰኞ ተላለፈና በኪሳችን ይህ ነው የሚባል ገንዘብ ሳይኖር ከተማው ውስጥ ቀረን። ሥራ የሌለው ሰው ደግሞ ሰው በቆመበት ይቆማል። ሕዝቡ የቆመው በአንድ ሱቅ መስኮት ፊት ሲሆን፣ በመስኮቱ ውስጥ ኬንያና ማዳጋስካር ኳስ ይጫወታሉ። ኬንያ፣ ታንዛኒያና ዩጋንዳ በጋራ ያስተናገዱት፣ በአገራቸው ሊግ ለሚጫወቱ ተጫዋቾች ብቻ የሚዘጋጀው የአፍሪካ ሻምፒዮና ሩብ ፍጻሜ ነው። ስታዲየሙ እዚያው ናይሮቢ፣ ካሳራኒ ነው፤ መግቢያ ግን የለንም።

ሥዕሉ በመስተዋቱ ይታያል፤ ድምፁ አይወጣም። ድምፁን የሰጡን በሱቁ ደጃፍ ጫማ የሚያስውቡ አንድ ሽማግሌ ናቸው። ዕድሜያቸው ከስድሳ አያንስም፤ በሣጥናቸው ላይ ትንሽ ራዲዮ አስቀምጠዋል። ወዲያው አንድ ነገር አስተዋልን፤ ራዲዮው ቴሌቪዥኑን ይቀድማል። የቴሌቪዥኑ ሥዕል ታሽጎ፣ ወደ ሳተላይት ወጥቶ፣ ወርዶና እንደገና ተፈትቶ እስኪታይ ድረስ ጥቂት ሴኮንድ ይፈጃል፤ ተራው ራዲዮ ያ ሁሉ ጣጣ የለበትም። ጨዋታው አንድ ለአንድ ሆኖ ወደ መለያ ምት ሲሄድ ሕዝቡ መስኮቱን ትቶ የሽማግሌውን ፊት ማየት ጀመረ። በሥዕሉ ውስጥ መቺው ገና ኳሱን እያስቀመጠ ሳለ፣ ያገባ ወይም የሳተ መሆኑ በሽማግሌው ፊት ላይ ይነበባል። በመጨረሻ ብሩሻቸውን አስቀመጡና ራዲዮውን ዘጉ። ያ ሁሉ ሰው ኬንያ በመለያ ምት 4 ለ 3 መሸነፏን ዐወቀ። ከጥቂት እስትንፋስ በኋላ ቴሌቪዥኑ ያንኑ አሳየ፤ የተመለከተው ሰው ግን አልነበረም።

ሽማግሌው ዕቃቸውን እየሰበሰቡ፣ «ማምቦ ቢኖሩ ኖሮ ቀስ አድርገው ያረዱን ነበር» አሉ። በተሰባበረ ስዋሂሊያችን ማምቦ ማን እንደ ሆኑ ብንጠይቃቸው፣ እንደ እኛ ያለ መሃይም አይተው የማያውቁ ይመስል ትክ ብለው ካዩን በኋላ በብሩሻቸው ወደ ዩኒቨርሲቲው አቅጣጫ አመለከቱ። «እዚያ፤ ሃሪ ቱኩ መንገድ» አሉን።

በማግሥቱ ቅዳሜ ከጂቫንጂ መናፈሻ ተነሥተን፣ የዩኒቨርሲቲውን ጎዳና ተሻግረን ወደ ሃሪ ቱኩ መንገድ ገባን። መንገዱ አጭር ነው፤ የያዘው ነገር ግን ብዙ ነው። ሃሪ ቱኩ በቅኝ ገዥዎች ላይ በመናገሩ የታሰረ ሰው ነው። እ.ኤ.አ. መጋቢት 16 ቀን 1922 ይፈታ ብሎ በተሰበሰበው ሕዝብ ላይ እዚያው አካባቢ ተተኩሶ ከሃያ በላይ ሰው ሞቷል። ኖርፎክ ሆቴል አለ፣ ዩኒቨርሲቲው አለ፣ ቀጥሎም የአገሪቱ የራዲዮና የቴሌቪዥን ጣቢያ አለ። ይህ ጣቢያ እ.ኤ.አ. እስከ 1989 ድረስ ስሙ «የኬንያ ድምፅ» ነበር። ስሙን ልብ በሉልን። አንድ አገር ሙሉ አንድ ድምፅ አለው ብሎ የሚያምን ስም ነው፤ ያንንም ድምፅ በአንድ ሕንፃ ውስጥ አስገብቶ ሊቆልፍበት የሚችል ሰው ይኖራል ማለት ነው።

ሊዮናርድ ማምቦ ምቦቴላ እ.ኤ.አ. በ1940 በሞምባሳ አጠገብ ፍሬርታውን በምትባል መንደር ተወለዱ። ፍሬርታውን እ.ኤ.አ. በ1875 ከባሪያ ነጋዴዎች እጅ የተፈቱ ሰዎች እንዲሰፍሩባት በሚሲዮናውያን የተቆረቆረች መንደር ናት። የእርሳቸውም ቤተሰብ ከዚያ ወገን ነበር። እ.ኤ.አ. በ1964 በኬንያ ድምፅ ተቀጠሩ፤ ከዚያ በኋላ በኳስ ጨዋታ አስተላላፊነት ስማቸው በመላው አገሪቱ ታወቀ። ራዲዮ ያለው ጎረቤት ካለ ስታዲየም አለህ በሚባልበት ዘመን፣ ኳሷ የት እንዳለች ለሚሊዮኖች የሚነግሩት እርሳቸው ነበሩ። ከ1966 ጀምሮ ደግሞ «ጄ፣ ሁ ኒ ኡንግዋና?» የሚል ዝግጅት ከፈቱ፤ «ይህ ጨዋነት ነውን?» ማለት ነው። በየሰፈሩ የሚታየውን የጠባይ ጉድለት እያነሣ አድማጩን የሚጠይቅ ዝግጅት ሲሆን፣ ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ ኖሯል። ምቦቴላ ጥር 30 ቀን 2017 ዓ.ም. በ84 ዓመታቸው ዐረፉ። ሊስትሮው «ቢኖሩ ኖሮ» ያሉት ከሞቱ ሰባት ወር ገደማ ስለ ሆናቸው ነው።

ይህ ብቻ ቢሆን ጥሩ የሕይወት ታሪክ ነው ብለን እናልፈው ነበር። ነገር ግን ሐምሌ 25 ቀን 1974 ዓ.ም. የሚባል እሑድ አለ።

በዚያ እሑድ ሌሊት፣ እ.ኤ.አ. ነሐሴ 1 ቀን 1982 መሆኑ ነው፣ ከኬንያ አየር ኃይል የተነሡ ወታደሮች የፕሬዚዳንት ሞይን መንግሥት ለመገልበጥ ተንቀሳቀሱ። ከመሪዎቹ አንዱ ሔዘካያ ኦቹካ የሚባል ዝቅተኛ ማዕረግ ያለው ወታደር ነበር። ወታደሮቹ ወደ ሃሪ ቱኩ መንገድ ሄደው ጣቢያውን ያዙ። ጣቢያውን ከያዙ በኋላ ግን አንድ ነገር ጎደላቸው። ምቦቴላን ከቤታቸው አምጥተው በማይክሮፎን ፊት አስቀመጧቸው፤ መንግሥቱ መውደቁን የሚገልጸውን ቃል አስነበቧቸው። የኬንያ ሕዝብ ከእንቅልፉ ሲነሣ፣ ቅዳሜ ኳስ በሚነግረው ድምፅ መንግሥት መገልበጡን ሰማ። በዚያው ቀን ጄኔራል ማሕሙድ መሐመድ የመሩት ለመንግሥት ታማኝ ጦር ጣቢያውን መልሶ ያዘ። ያው ድምፅ፣ ያው ሰው፣ በዚያው ማይክሮፎን የፕሬዚዳንቱ መንግሥት በሥልጣን ላይ መሆኑን አነበበ። ኦቹካ ወደ ታንዛኒያ ሸሸ፤ በኋላ ተላልፎ ተሰጠና እ.ኤ.አ. በ1987 በስቅላት ተቀጣ። ምቦቴላ ወደ ኳሳቸው ተመለሱ፤ በየሳምንቱም «ይህ ጨዋነት ነውን?» ማለታቸውን ቀጠሉ።

እንግዲህ ጥያቄው ይህ ነው። በዚያ ጠዋት የተናገረው ማን ነው?

ቀላሉ መልስ «ጠመንጃው» የሚል ነው፤ ይህን መልስ አንንቀውም። ነገር ግን ወደ አገራችን ልማድ መለስ ብለን እንመልከት። ድሮ አዋጅ ሲነገር ነጋሪት ይጎሰማል፤ ዐዋጅ ነጋሪው «የሰማህ ላልሰማ አሰማ» ይላል። ያንን ሰው ማንም በስሙ አይጠራውም፤ አንተ ዋሽተሃል፣ አንተ እውነት ብለሃል የሚለውም የለም። የሚናገረው ነጋሪቱ ነው፤ ከነጋሪቱም ኋላ ጌታው አለ። ሥልጣንን ለማሳወቅ ነጋሪት ይበቃል። የናይሮቢ ወታደሮች ግን ነጋሪት አልፈለጉም። ቢፈልጉ ኖሮ ከመካከላቸው ማንበብ የሚችል አንድ ወታደር ያስቀምጡ ነበር። እነርሱ የፈለጉት ሥልጣን ሳይሆን መታመንን ነው፤ መታመን ደግሞ በጠመንጃ አይገኝም፤ ካለው ሰው ላይ ይወሰዳል እንጂ።

ኳስ የሚያስተላልፍ ሰው ይህን መታመን ከየት አመጣው? አድማጩ አያይም፤ እርሱ ያያል። ኳሷ በቀኝ በኩል ወጣች ይላል፤ እጅ ውርወራ ነው ይላል፤ ቁጥር ሰባት ወደቀ ይላል። በዘጠና ደቂቃ ውስጥ እንዲህ ያለ ጥቃቅን እውነት በመቶ የሚቆጠር ይናገራል፤ እያንዳንዱንም በስታዲየሙ ያለ ሕዝብ ሊመሰክርበት ይችላል። ሥራው ልክ እንደ ዕቁብ ነው። አድማጩ ሳንቲም በሳንቲም፣ ሳምንት በሳምንት እምነቱን እያዋጣ ያስቀምጣል፤ አስተላላፊው ገንዘብ ያዥ ነው። እዚያ ያለው ገንዘብ የእርሱ አይደለም፤ አደራ ነው። እንግዲህ አንድ ሌሊት መሣሪያ የያዙ ሰዎች መጥተው ሣጥኑን ወሰዱት እንበል።

በነገራችን ላይ፣ አስተላላፊ ሁሉ ሚዛናዊ መሆን አለበት የሚሉ ሰዎች አሉ፤ እኛ አንስማማም። ታኅሣሥ 1980 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ ኢትዮጵያ ዚምባብዌን በመለያ ምት አሸንፋ የምሥራቅና መካከለኛው አፍሪካን ዋንጫ ስትወስድ፣ ጨዋታውን ያስተላለፉት ደምሴ ዳምጤ ነበሩ። እኛ በዚያን ጊዜ አልተወለድንም። አባቶቻችን ግን የዚያን ቀን ጎል ሲያወሩልን፣ ጎሉን ሳይሆን የደምሴን ድምፅ ነው የሚያስመስሉት። ደምሴ ወገን አልነበራቸውም የሚል ሰው ካለ ይምጣ። ወገናቸው ታውቋል፣ ለዚህም ነው የተወደዱት። ነገር ግን ወገን መያዝ ሌላ፣ ያልገባውን ገባ ማለት ሌላ። ልቡ ለአገሩ እያዘነበለ ኳሷ ያለችበትን በትክክል የሚናገር ሰው አደራውን አልበላም። የዚያ ትውልድ ሰዎች ሰሎሞን ተሰማንም እንዲሁ በፍቅር ያነሣሉ። ኢትዮጵያ ጥር 13 ቀን 1954 ዓ.ም. ግብፅን 4 ለ 2 አሸንፋ የአፍሪካን ዋንጫ ስትወስድ በአገራችን ገና ቴሌቪዥን አልነበረም፤ የመጣው በ1957 ዓ.ም. ነው። ስለዚህ በዚያ ቀን በስታዲየሙ ያልነበረ ኢትዮጵያዊ በሙሉ ያየው በሌላ ሰው ዓይን ነው። ዓይነ ስውር የመሪውን በትር ጫፍ እንደሚይዝ ማለት ነው።

ወደ ሣጥኑ እንመለስ። ከዚህ ቀደም በአገራችንም ተመሳሳይ ነገር ደርሷል። ታኅሣሥ 5 ቀን 1953 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ በብራዚል ጉብኝት ላይ ሳሉ፣ የክብር ዘበኛ መሪዎች ባስነሡት መፈንቅለ መንግሥት አዋጁን በራዲዮ ያነበቡት አልጋ ወራሹ አስፋ ወሰን ነበሩ። ሙከራው ከከሸፈ በኋላ ተገደው ነው ተባለ። እስከ ዛሬም ስለ መገደዳቸው የሚከራከር አለ። ክርክሩ እንዲህ የረዘመበት ምክንያት፣ ድምፅን ያየ ሰው ስለሌለ ነው። ራዲዮ ቃሉን ያመጣል፤ በቃሉ ኋላ የቆመውን ሰው ግን አያመጣም። በምቦቴላም አጠገብ የቆመውን ወታደር ናይሮቢ አላየችውም። ቴሌቪዥን ቢሆንስ? ይህን ብዙ አሰብንበት፤ መልሱም አያስደስትም። ጠመንጃው ከሥዕሉ ጠርዝ አንድ ክንድ ወጣ ብሎ ሊቆም ይችላል።

ወደ ካምፑ ተመልሰን ይህን ጉዳይ በሻይ ቤቱ አነሣነው። ከድሮው ጦር ሠራዊት የራዲዮ ሠራተኛ የነበሩ አንድ አባት፣ «ልጄ፣ ጠመንጃ ያነበበውን ሰው አነበበው አትበሉ» አሉ። አጠገባቸው የተቀመጠች ነርስ ወዲያው ተቀበለቻቸው፤ «አባባ፣ ታዲያ ጠመንጃው የእርሳቸውን አፍ ለምን ፈለገ? አፍ ሞልቶ የለም ወይ?» አለች። ሽማግሌው ሻያቸውን ጠጡ። ከዚያ፣ «እምቢ ቢሉ ይሞቱ ነበር» አሉ። «ይሞቱ ነበር» አለች፤ «ይሙቱ አላልሁም። ያነበቡት እርሳቸው ናቸው ማለቴ ነው።»

እኛም ከሁለቱ የቱ ትክክል እንደ ሆነ መወሰን ተስኖን ብዙ ቆየን። አባቶች «የተናገሩት ከሚጠፋ የወለዱት ይጥፋ» ይላሉ። ቃልን ከልጅ በላይ የሚያስቀምጥ ተረት ነው፤ ስንተርተው ልባችን ይሞላል። ነገር ግን ይህ ተረት የሚናገረው ሰው በፈቃዱ ስለ ሰጠው ቃል ነው። ከአፉ ስለ ተነጠቀ ቃል ምን እንደሚል አይታወቅም። በጠመንጃ ፊት የቆመን ሰው «ለምን አልሞትህም?» ብሎ የሚጠይቅ ሰው፣ እርሱ ራሱ በሕይወት ያለ መሆኑን መርሳት የለበትም።

እዚህ ላይ አንድ የቃል ነገር እናንሣ፤ የአስተማሪ አመል ነውና ይቅርታ ይደረግልን። «ኡንግዋና» የሚለው የስዋሂሊ ቃል ዛሬ ትርጉሙ መልካም ጠባይ ነው። ጥንት በባሕር ዳርቻ ከተሞች ግን ነፃ ሆኖ የተወለደን ሰው፣ ባሪያ ያልሆነን ሰው ከሚያመለክት ቃል የመጣ ነው። በእኛም ቋንቋ «ጨዋ» የሚለው ቃል እንዲሁ ነው። ዛሬ ጨዋ ልጅ ስንል ሥርዓት ያለው ማለታችን ነው፤ ቀድሞ ግን ጨዋ የባሪያ ተቃራኒ ነበር። ሁለቱ ሕዝቦች ሳይመካከሩ አንድ አሳብ አስበዋል፤ መልካም ጠባይ ሊኖረው የሚችለው ነፃ ሰው ነው የሚል። አሳቡ ለባሮች ግፍ አለበት፤ ግማሹ ግን እውነት ነው። የሚያደርገውን ያላደረገው ሰው ጨዋም ባለጌም ሊባል አይችልም። ከባርነት በተፈቱ ሰዎች መንደር የተወለዱት ምቦቴላ፣ ሕይወታቸውን ሙሉ «ይህ ጨዋነት ነውን?» ሲሉ ኖሩ። በመካከሉ ለአንድ ጠዋት እርሳቸው ሳይታሰሩ ድምፃቸው ባሪያ ሆነ። ከዚያ በኋላ ያንን ጥያቄ በተጠየቀው ድምፅ መጠየቅ እንዴት ያለ ነገር ይሆን? ብዙ ሰው ማይክሮፎን አልነካም ብሎ ይቀር ነበር። እርሳቸው ተመለሱ።

ስለ ዕቁቡ ሣጥን የአገራችን ሰው የሚጠይቀው አንድ ጥያቄ አለ። ገንዘብ ያዡ ተዘረፍሁ ሲል አባላቱ «ለምን አልሞትህም?» አይሉትም። «ኡኡ ብለሃል ወይ?» ይሉታል። ዘራፊው ቤት ውስጥ ሳለ ዝም ቢል ይገባቸዋል። ዘራፊው ከሄደ በኋላ በሩን ከፍቶ ጎረቤት ካልጠራ ግን፣ በማግሥቱም ወደ ሥራው ሄዶ ምንም እንዳልሆነ ከዋለ ግን፣ ነገሩ ሌላ መልክ ይይዛል። ምቦቴላ ኡኡ ብለዋል። ያን ጠዋት እንዴት እንደ ተወሰዱ፣ ምን እንዳነበቡ፣ እንዴት እንደ ፈሩ ለዐሥርት ዓመታት ለጠየቃቸው ሁሉ በግልጽ ሲናገሩ ኖረዋል። አድማጭ ያስቀመጠው አደራ በዚያ ቀን በኃይል እንደ ተወሰደ ባለአደራው ራሱ ተናገረ። ሊስትሮው ከ40 ዓመት በላይ ቆይተው «ማምቦ ቢኖሩ ኖሮ» ያሉት ለዚህ ይመስለናል።

ነርሷ ግን በዚህም አልረካችም። «የእርሳቸው ኡኡታ ርካሽ ነበር» አለች፤ «አሸናፊው ሊሰማው የሚወደው ኡኡታ ነው። ያ ወታደር ቢያሸንፍ ኖሮ ተገድጄ ነው ይሉ ነበር? ሁለተኛውንስ ወረቀት ሲያነቡ በስቱዲዮው ጠመንጃ አልነበረም?» ሁለተኛው ወረቀት እውነት ነበር፤ የመጀመሪያው አልነበረም፤ ይህ ልዩነት ትንሽ አይደለም አልናት። እውነት በወታደር ፊት ሲነበብም እውነት ነው። ስለ መጀመሪያው ጥያቄዋ ግን የምንመልሰው አጣን። አሸናፊ የማይወደውን ኡኡታ መጮህ ምን ያህል ዋጋ እንዳለው ከምቦቴላ ሕይወት ማወቅ አይቻልም። እርሳቸው በዚህ አልተፈተኑም። የተፈተነ ሰው እናውቃለን፤ እንቅልፍ የነሣንም ይህ ነው።

ከመምህራን ማሠልጠኛ ኮሌጅ ወጥተን የተመደብንበት ትምህርት ቤት የገጠር ትምህርት ቤት ነበር። አምስተኛና ስድስተኛ ክፍል ሒሳብና ሳይንስ እናስተምር ነበር። ዓርብ ከሰዓት በኋላ በክፍሎች መካከል የኳስ ውድድር ይደረጋል። ዳኛው የሰውነት ማጎልመሻ መምህር ነው፤ እኛ ደግሞ ለሰንደቅ ዓላማ ሥነ ሥርዓት የተገዛውን ድምፅ ማጉያ ይዘን ጨዋታውን እናስተላልፋለን። ልጆቹ የሚጫወቱት ኳሱን ለማግባት ያህል ስማቸው በድምፅ ማጉያው ሲጠራ ለመስማትም ነበር። ዳኛው መምህር «ደምሴ» የሚል ስም አወጣልን፤ መምህራኑም ወላጆቹም በዚያ ስም ይጠሩን ጀመር። ጎል ሲገባ አንዲት አሮጊት ከአጥሩ ማዶ ሆነው «ደምሴ፣ የማን ልጅ ነው ያገባው?» ይሉናል፤ እንነግራቸዋለን።

አንድ ሌሊት ያ መምህር ተወሰደ። ቤቱ ከቤታችን ግድግዳ ለግድግዳ ስለ ነበር ሰምተናል፤ በመስኮቱ ስንጥቅም አይተናል። ከአራት ቀን በኋላ ሁለት ሰዎች ወደ ትምህርት ቤቱ መጡና ሩብ ገጽ የምትሆን ወረቀት ሰጡን። በሰልፍ ላይ እንድናነብ ታዘዝን። «ለምን እኛ?» ብለን ጠየቅን። ከሁለቱ አንዱ ፈገግ ብሎ፣ «ደምሴ የምትባለው አንተ አይደለህም ወይ?» አለን። ጠመንጃ አላሳዩንም፤ ይህን አጥብቀን እንጽፋለን። እጃቸውን ወደ ኋላ አጣምረው ቆመው ነበር፤ ከእጃቸው ውስጥ ምን እንዳለ አላየንም። በዚያው ድምፅ ማጉያ አነበብን። ወረቀቱ መምህሩ በገዛ ፈቃዱ ሥራውን ለቆ ወደ ሌላ አካባቢ መሄዱን ይገልጻል። ልጆቹ አመኑን። ለምን አያምኑንም? ክፍልፋይ ስንደምር አልተሳሳትንም፤ ያገባውንም አላገባም ብለን አናውቅም።

ከሰልፉ በኋላ ክፍል ስንገባ ከፊት ወንበር የምትቀመጥ አንዲት ልጅ እጇን አወጣች። «መምህር፣ እውነት ወደውት ነው የሄዱት?» አለች። እኛም፣ «መጽሐፋችሁን አውጡ» አልን።

አገር ጥለን የወጣነው ከዚያ ሁለት ዓመት በኋላ በሌላ ምክንያት ነው። በካምፑ ስንጠየቅ ያንን ሌሊት ተናግረን አናውቅም፤ ወረቀቷንም ጨምሮ። የሚያስገድደን ሰው ከሄደ ብዙ ጊዜ ሆኖታል፤ በሩ ግን እስካሁን እንደ ተዘጋ ነው። ይህች ወረቀት ከእጅ ወደ እጅ ስትዞር ከዚያ አካባቢ የመጡ ሰዎች እጅ እንደምትገባ እናውቃለን፤ ከእነርሱም መካከል በዚያ ሰልፍ ላይ የነበሩ ወጣቶች አሉ። የመምህሩን ስም አንጽፍም፤ ቤተሰቡ እዚያው አለ። በሰልፉ የነበሩ ግን ማን እንደ ሆነ ያውቃሉ።

መምህሩ በገዛ ፈቃዱ አልሄደም። ሌሊት በስምንት ሰዓት ገደማ አንድ መኪና በትምህርት ቤቱ በር ቆመ፤ አራት ሰዎች ወረዱ። ጫማውን እንዲያደርግ ለመናቸው፣ አልፈቀዱለትም። ሲያስወጡት የእኛን በር አልፎ ሄደ፤ በዚያን ጊዜ «ደምሴ» ብሎ ጠራን። ነቅተን ነበር።